የሙከራ ዘመኔ ምስክር

ቡታጅራ ውስጥ ለሁለት ዓመት ከአምስት ወር ያህል ስሜ «ሙከራ» ነበር። እናቴ ያወጣችልኝ ደምሴ ነው፤ የደመወዝ መክፈያው ላይ የሰፈረውም እሱ ነው። ከተማው ግን ሻይ ቤት ስገባ «ሙከራ መጣ፣ ቦታ ልቀቁለት!» ይላል፤ ስወጣ ደግሞ «ሙከራ ሄደ» ይላል። ስሙን ያወጡልኝ የትምህርት ቤቱ መምህራን ናቸው። እነሱም እንደ እኔ ከሰሜን የመጡ፣ እንደ እኔ ከአዲስ አበባ ደብዳቤ የሚጠብቁ ነበሩ። ልዩነታችን፣ የነሱ ደብዳቤ ቢዘገይም መምጣቱ ነበር።

አሁን ጡረታ ከወጣሁ ብዙ ዘመን ሆኖኛል። ስለ ሥራ ዘመኔ አውራ የሚለኝ ሰው ሲገኝ የማወራው ግን ስለ አንድ ሳምንት ብቻ ነው። ያን ሳምንት እናንተም እንድታውቁት ብዬ ነው ብዕር ያነሳሁት።

ጊዜው የጃንሆይ የመጨረሻ ዓመታት ነበር። ከመንዝ መጥቼ በሰኔ ወር በቡታጅራ በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት የመዝገብ ቤት ጸሐፊ ሆኜ ተቀጠርኩ። ደንቡ አጭር ነበር። አዲስ ሠራተኛ ስድስት ወር ይሞከራል፤ የቅርብ አለቃው «ሥራውን ያውቃል፣ ጠባዩም መልካም ነው» ብሎ ሪፖርት ይጽፋል፤ አዲስ አበባ ያለው ዋናው መሥሪያ ቤት ሪፖርቱን ተቀብሎ የቋሚነት ደብዳቤ ይልካል። ቋሚ ያልሆነ ሠራተኛ ምክንያት ሳይነገረው ሊሰናበት ይችላል። ዕረፍት የለውም፣ ዝውውር የለውም፣ የሚያሳድገው ሰው ካለ ደግሞ እንቅልፍም የለውም። እኔ የማሳድጋት ታናሽ እህቴ ጥሩነሽ ነበረች። እናታችን ስትሞት ወደ እኔ አምጥቻት ቡታጅራ ስድስተኛ ክፍል ገብታለች። እኔ ከሥራ ብወጣ እሷም ከትምህርቷ ትወጣለች፤ ነገሩ ይኸው ነበር።

የመጀመሪያው አለቃዬ አቶ ዘለቀ ይባላሉ። መነጽራቸውን በክር አስረው አንገታቸው ላይ የሚያንጠለጥሉ፣ ጥንቁቅ ሰው ነበሩ። ወረቀት ላይ ያልሰፈረ ነገር ለእሳቸው እንዳልሆነ ይቆጠራል። በተቀጠርኩ በአምስተኛው ወር በእጄ አንድ ጥፋት ተፈጸመ። የአንድ የመስቃን መንደር ገበሬዎች ያቀረቡትን ማመልከቻ አጠፋሁት። ማመልከቻው ስለ ጀፎረያቸው ነበር። ጀፎረ ማለት በመንደሩ መካከል የሚያልፍ፣ የሁሉም የሆነ፣ ማንም አጥር የማያበጅበት ሰፊ የሣር ሜዳ ነው፤ ሠርጉም ለቅሶውም እዚያ ነው። አንድ ባለጉልበት ቆርሶ ሊያጥረው ነበርና እሱን የሚቃወም ወረቀት ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ መደርደሪያ ስገለብጥ ከርሜ በአራተኛው ቀን ያለፈው ዓመት መዝገብ መሀል ተሸጉጦ አገኘሁት። ሰዎቹ ተጨንቀው ነበርና እሑድ በእግሬ መንደራቸው ሄጄ «ያጠፋሁት እኔ ነኝ፣ አግኝቼዋለሁ» አልኳቸው።

አቶ ዘለቀ ይህን ሲሰሙ ፊታቸው ጠቆረ። «ገበሬ ቤት ሄደህ የመንግሥትን ሥራ አዋረድክ» አሉኝ። ስድስት ወር ሲሞላኝ ሪፖርቴን ብጠይቅ «ይደርሳል» አሉ። ዓመት ሲሞላም «ይደርሳል» አሉ። ከዚያ ወደ ወልቂጤ ተዛወሩ። አዲሱ አለቃዬ «እኔ ባልነበርኩበት ዘመን ላይ እንዴት እፈርማለሁ?» አሉኝ፤ እውነታቸውን ነው። ወደ ወልቂጤ ተጻፈ። ወልቂጤ «ጉዳዩ የቡታጅራ ነው» አለች። አዲስ አበባ «በቅርብ አለቃው በኩል ይቅረብ» አለች። የመዝገብ ቤት ጸሐፊው እኔ ስለሆንኩ የገዛ ጉዳዬን የገቢና የወጪ ቁጥር እየሰጠሁ የምመዘግበውም እኔው ነበርኩ። አሥራ ሰባት ደብዳቤ ሆኖ ነበር።

ይህ ሁሉ ሰውን ያመርረዋል። መስኮቴ ላይ ቆሞ የሚጠብቀው ባለጉዳይ ያናድደኝ ጀመር። «ነገ ና»፣ «ነገ ነይ» ማለት የለመድኩት ያኔ ነው። ነውር አልመሰለኝም፤ እኔንም የሚሉኝ እሱን ነው።

በተቀጠርኩ ሁለት ዓመት ካለፈ በኋላ፣ በነሐሴ፣ አንድ ሰኞ ጠዋት፣ የፖስታ ከረጢቱን ስከፍት ከዋናው መሥሪያ ቤት የመጣ ደብዳቤ አገኘሁ። የሙከራ ሪፖርታቸው እስከዚያው ሳምንት ቅዳሜ ድረስ ያልቀረበ ሠራተኞች ቅጥራቸው እንደተቋረጠ ይቆጠራል ይላል። ቀኑን ባይ የተጻፈው ከሦስት ሳምንት በፊት ነው። መንገድ ላይ ከርሟል። ቁጥር ሰጥቼ መዘገብኩትና ወንበሬ ላይ ቁጭ አልኩ።

ከቡታጅራ ወልቂጤ በመኪና መሄድ ማለት እስከ ዓለም ገና ወጥቶ፣ ከዚያ በጅማ መንገድ ተመልሶ መውረድ ማለት ነበር። ባለፈው ቅዳሜ ማታ ያን ከረጢት ያመጣው አውቶቡስ ደግሞ የመጨረሻው ነበር፤ በማግስቱ እሑድ ጎርፍ ወደ ዓለም ገና የሚያወጣውን ድልድይ ወስዶታል፤ የስልኩም ምሰሶ አብሮ ወድቋል። ቅዳሜ አምስት ቀን ቀርቶታል። እኔ ቡታጅራ፣ ፊርማው ወልቂጤ፣ ሪፖርቱን የሚቀበለው ሰው አዲስ አበባ።

«አሰላሙ አለይኩም፣ ጸሐፊ።»

ቀና ስል መስኮቱ ላይ ሐጂ ሸረፋ ቆመዋል። ከዚያች ባለጀፎረ መንደር የመጡ፣ ሰባ ዓመት የሚጠጉ፣ ነጭ ጥምጥም የማይለያቸው ሽማግሌ ናቸው። በየገበያው ቀን ከመስኮቴ ፊት ለፊት ካለችው ድንጋይ ላይ ተቀምጠው አያቸው ነበር። ምንም ጉዳይ አያቀርቡም። የመንደራቸው ሰው ጉዳዩን ጨርሶ ሲወጣ ጥቂት ያነጋግሩታል፤ ከዚያ ዝም ብለው ይቀመጣሉ። ፀሐይ የሚሞቁ ነበር የሚመስለኝ።

«ሐጂ፣ ነገ…» ብዬ ጀመርኩና ቃሉ አፌ ላይ ቀረ። ምን እንደገፋፋኝ እንጃ፣ ደብዳቤውን አነበብኩላቸው።

«ይሄ ወልቂጤ ያለው ሰውዬ፣ ዘለቀ ነው? ያ መነጽሩን በክር የሚያስረው?»

«እሳቸው ናቸው። ግን መንገድ የለም፣ ሐጂ።»

«ለመኪና ነው እንጂ የሌለው፣ ለእግር አለ። በዘቢዳር ተራራ ወጥተን፣ በአረቅጥ አድርገን፣ ኢንሻአላህ ሐሙስ እንገባለን። በቅሎ አለኝ።»

«እርስዎም ይሄዳሉ?»

«እኔም ወልቂጤ ጉዳይ አለኝ» አሉ።

ምን ጉዳይ እንደሆነ አልጠየቅኩም። ሰው በራሱ ጭንቀት ሲወጠር ስለ ሌላው መጠየቅ ትዝ አይለውም። ጥሩነሽን ለጎረቤት አደራ ሰጥቼ፣ አሥራ ሰባቱን ደብዳቤ በፋይል አስሬ፣ ማክሰኞ ሲነጋ ተነሳን።

ከከተማው ወጥተን ብዙም ሳንሄድ ሐጂ መንገዱን ለቀው በበርበሬ ማሳ መሀል ወደ አንዲት ጎጆ ታጠፉ። አጥሩ ጋ ቆመው ተጣሩ። አንዲት አርባ ዓመት የሚሆናት ሴት ወጣች። በመስቃንኛ ብዙ ተነጋገሩ። እኔ ቋንቋውን አልሰማም፤ የማየው እሷ በመሀል በመሀል ወደ እኔ መመልከቷን ነው። «እንደምን አደርሽ፣ እናቴ?» አልኳት። አልመለሰችልኝም። ተመልሳ ገባች።

ካፊያ ጀመረ። ሐጂ ንቅንቅ አላሉም።

«ሐጂ፣ ረፈደብን እኮ።»

«ቆይ፣ ልጄ።»

«ስንቅ ከሆነ እኔ ዳቦ ይዣለሁ።»

«ዳቦህን ያዘው። እሷ ካልሰጠችን አንሄድም።»

የሽማግሌ ግትርነት መሰለኝና በሆዴ ተራገምኩ። ከብዙ ቆይታ በኋላ ሴትዮዋ በእንሰት ቅጠል የተጠቀለለ ቆጮና ትንሽ አይብ ይዛ መጣች። ለሐጂ ትሰጣለች ስል ወደ እኔ መጥታ በሁለት እጇ ሰጠችኝ። ዓይኔን እያየች አንድ አጭር ነገር ተናገረች። ሐጂ ራሳቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ምን አለች?» አልኳቸው ትንሽ እንደሄድን።

«ወልቂጤ ስንደርስ እነግርሃለሁ።»

ዘቢዳርን ስንወጣ ጉሙ ከፊታችን ያለውን ሁሉ ጋርዶት የበቅሎዋን ጭራ እንኳ በደንብ አላይም ነበር። ሐጂ በዚያ ዕድሜያቸው በቅሎዋን ለእኔ እየሰጡ እሳቸው በእግር ይሄዳሉ። ሳፍር እወርዳለሁ፤ ሲደክመኝ እወጣለሁ። ቀኑን ሙሉ ያወራሁት ስለ ፋይሌ ነው። ደብዳቤዎቹን በቁጥራቸው አንድ በአንድ ተረክኩላቸው።

«እና ይሄ ሙከራ» አሉ በመጨረሻ፣ «አንድ ሰው ብቻ ነው የሚሞክርህ?»

«አዎ፣ የቅርብ አለቃ ነው።»

ሳቁ። ለምን እንደሳቁ አልገባኝም።

ማታ አረቅጥ አጠገብ አንድ ዘመዳቸው ቤት አደርን። ብርዱ አጥንት ይገባል። ባለቤቶቹ ትኩስ ጎመንና ገብስ አቀረቡልን። ሐጂ ግን ከመብላታችን በፊት ያችን የእንሰት ቅጠል ፈትተው፣ ቢስሚላህ ብለው፣ ከቆጮው ቆረሱና «መጀመሪያ አንተ፣ ከዚህ» አሉኝ። በማግስቱም በየዕረፍቱ እንዲሁ አደረጉ። ሌላ ምግብ ቢኖርም ባይኖርም ከሴትዮዋ ስንቅ አንድ ጉርሻ ሳልቀምስ አያልፉኝም። የአገሩ ልማድ ይሆናል ብዬ ጎረስኩ።

ረቡዕ ከሰዓት፣ ከአረቅጥ ወርደን የቸሃን አገር ስናቋርጥ፣ አንድ የሞላ ወንዝ ገጠመን። ሐጂ ልጓሙን ይዘው ከፊት ገቡ። መሀል ስንደርስ የበቅሎዋ እግር ድንጋይ ስቶ ተንበረከከች። እኔ ኮርቻውን ሙጭጭ አድርጌ ያዝኩ፤ ትከሻዬ ላይ የነበረው ቦርሳ ግን ሸርተት አለ። ፋይሉ ከነገመዱ ውሃው ላይ ተንሳፍፎ ሲሄድ አየሁት። ጥቂት ቆይቶ ገመዱ ተፈታና ነጫጭ ወረቀቶች ወንዙ ላይ ተበተኑ። አንዱንም አልያዝኩም።

ማዶ ስንወጣ ጭቃው ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር፤ ለመናገር አላፍርም። አቶ ዘለቀ ወረቀት ያላዩበትን ነገር እንደማያምኑ ከእኔ የበለጠ የሚያውቅ የለም።

«ይብቃን፣ ሐጂ። እንመለስ። ምን ይዤ ልቀርብ ነው?»

«የሄደው ወረቀቱ ነው። አንተ አለህ። እኔም አለሁ። ተነስ» አሉኝና የበቅሎዋን ጉልበት ይዳስሱ ጀመር።

ሐሙስ ረፋዱ ላይ ወልቂጤ ገባን። ልብሳችን እስከ ጉልበታችን ጭቃ ነበር። አቶ ዘለቀ በአዲሱ ቢሯቸው፣ በጃንሆይ ፎቶግራፍ ሥር ተቀምጠዋል። ሲያዩኝ መነጽራቸውን አደረጉ። ደንግጠዋል። ወንበር ስጡ አሉ፤ እኔ ተቀመጥኩ፣ ሐጂ አልተቀመጡም። ስለ ደብዳቤው፣ ስለ ቅዳሜው፣ ስለ ወንዙ ነገርኳቸው። እስከ መጨረሻው አዳመጡኝ።

«ደምሴ» አሉ ቀስ ብለው፣ «አልጠላህም። ግን በምን ላይ ተመሥርቼ ልጻፍ? ካየሁህ ዓመት ሊሞላ ነው። መረጃ የለ፣ ኮፒ የለ። ስለ አንተ የማስታውሰው ያን የጠፋ ማመልከቻ ብቻ ነው። አዝኜልህ ብጽፍ ውሸት መጻፌ ነው።»

አነጋገራቸው ክፋት አልነበረበትም፤ ለዚህም ነው ተስፋዬ የተቆረጠው። ለመውጣት ስነሳ ሐጂ ሸረፋ ምርኩዛቸውን ግድግዳው ላይ አስደገፉና አንድ እርምጃ ወደፊት ቀረቡ።

«እኔ ምስክር ነኝ» አሉ።

«በምን ጉዳይ፣ አባቴ? ይቀመጡ እንጂ።»

«በእኛ ደንብ ምስክር ቆሞ ነው የሚናገር። ከመንደራችን ወደ መንግሥት ቤት የሚሄደውን ነገር በቃሌ የምይዘው እኔ ነኝ። ከእኔ በፊት አጎቴ ነበር። ሰው መሥሪያ ቤት ሄዶ ሲመለስ ምን እንደተባለ ይነግረኛል፤ ዓርብ ከስግደት በኋላ ሰዉ ፊት እደግመዋለሁ፤ የተሳሳትኩ እንደሆነ ያርሙኛል። ይሄን ጸሐፊ ከመጣ ጀምሮ ይዤዋለሁ።»

ከዚያ ጀመሩ። ድምፃቸው ከፍ አላለም። ዓይናቸውን ከድነው በገበያ ቀን እየቆጠሩ ተናገሩ። «በሰኔ መጣ። በመጀመሪያው ገበያ የኑሪን ማመልከቻ ጻፈለት፤ ምንም አልተቀበለም። በሦስተኛው ገበያ ሁለት ወንድማማቾች መስኮቱ ላይ ሲጣሉ ወጥቶ ገላገለ፤ ሸሚዙ ተቀደደ። በመስከረም ሰውየው ማንበብ ስለማይችል ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበለት። በጥቅምት የጀፎረያችን ወረቀት ጠፋ…» እያሉ ሄዱ። ሰው በስም፣ ነገር በቃሉ። እኔ የረሳሁትን ሁሉ። ሸሚዜ መቀደዱን ራሱ ረስቼው ነበር። ጆሮዬን ማመን አቃተኝ። እነዚያ ሁለት ዓመታት ማንም ያላየኝ፣ አንድ ፊርማ ብቻ የጎደለኝ ዓመታት አልነበሩም። በየሳምንቱ ዓርብ፣ እኔ በማላውቀው ቦታ፣ በማልሰማው ቋንቋ፣ ስሜ እየተነሳ ሥራዬ ይመዘን ነበር። ሰውነቴን አንዳች ነገር ወረረው። ፈራሁ ብል ይሻላል።

አቶ ዘለቀ ሊፈትኗቸው ፈለጉ። «ማመልከቻው ስንት ቀን ነበር የጠፋው?»

«ሦስት ቀን። በአራተኛው ተገኘ። እሑድ ጸሐፊው በእግሩ መጥቶ ‹ያጠፋሁት እኔ ነኝ› አለን። ሰኞ ደግሞ እርስዎ በጥቁሩ ወንበር ተቀምጠው ‹ገበሬ ቤት ሄደህ የመንግሥትን ሥራ አዋረድክ› አሉት። በሩ ላይ የነበረው ዘበኛ የእኛ ሰው ነው።»

አቶ ዘለቀ መነጽራቸውን አወለቁ፣ ጠረጉት፣ መልሰው አደረጉት። ከዚያ ወረቀት ስበው ብዕራቸውን አነሱ። የኔ ልብ በደስታ ሊዘል ሲል ሐጂ ቀጠሉ።

«ጥፋቱ ደግሞ ይሄ ነው። በዚህ ዓመት በጥር ዘይነባ የምትባል ሴት፣ ባሏ የሞተባት፣ የባሏን መሬት ወደ ስሟ ለማዞር መጣች። ያኔ የምትኖረው ቆላ ያለው ማሳዋ ላይ ነበር፤ ከዚያ እስከ መሥሪያ ቤቱ የግማሽ ቀን መንገድ ነው። ‹ነገ ነይ› አላት። መጣች። ‹ነገ ነይ› አላት። አራት ጊዜ። በአራተኛው ጮኸባት፣ መስኮቱን ዘጋባት። ስትመለስ መንገድ ላይ ያለወቅቱ የመጣ ዝናብ ያዛት፣ አሥራ አንድ ቀን ታመመች። በአምስተኛው ወረቀቷን ሰጣት። ወረቀቱ ትክክል ነበር።»

እኔ ወለሉን አየሁ። ዘይነባ የምትባል ሴት ፊቷ አይታየኝም ነበር። አራት ጊዜ የመለስኳትን ሰው መልክ አላውቀውም ነበር። ይሄኔ አለቀልኝ አልኩ፤ ደግሞም ቢያልቅልኝ ይገባኛል አልኩ። እንዲህ ያለ ነገር በሕይወቴ አስቤ አላውቅም ነበር።

«ይህንንም ልጻፈው?» አሉ አቶ ዘለቀ።

«ይጻፉት። ትቼው ብመለስ ዓርብ ሰዉ ቃሌን አይቀበልም።»

«ታዲያ አባቴ፣ ይህን እያወቁ ሦስት ቀን ተራራ የወጡለት ለምንድን ነው?»

«በእኛ ደንብ የተበደለ ሰው ካልፈቀደ ለበዳዩ አይመሰከርም። ማክሰኞ ጠዋት አጥሯ ላይ ቆሜ ጠየቅኳት። ባትፈቅድ ኖሮ ጸሐፊውን መንገድ አሳይቼው እመለስ ነበር። እሷ ግን የፈቀደችው በአፏ ብቻ አይደለም፤ ስንቅ ሰጠችው። ሦስት ቀን የበላው የእሷን ነው። ስለዚህ መጣሁ። ወልቂጤ ያለኝ ጉዳይ ይሄው ነው።»

አንባቢዎቼ፣ ያን ጊዜ ምን እንደተሰማኝ በትክክል ልነግራችሁ አልችልም። ያ በእንሰት ቅጠል የተጠቀለለ ነገር፣ በየዕረፍቱ «መጀመሪያ አንተ» እየተባልኩ ሳላስበው የጎረስኩት፣ ይቅርታ ነበር። እኔ በካፊያው ውስጥ ቆሜ «ረፈደብን» ስል እሷ እቤቷ ውስጥ ልስጠው ወይስ አልስጠው እያለች ነበር። የምጎርሰው ምን እንደሆነ ሳላውቅ ይቅር ተብዬ ተራራ ተሻግሬያለሁ። እንባዬ መጣ፤ የወንዙ ዳር እንባ ግን አልነበረም።

አቶ ዘለቀ አንድ ሰዓት ያህል ጻፉ። ደጉንም ክፉውንም፣ በገበያ ቀን የተቆጠረውን በወርና በቀን እየለወጡ። ሲጨርሱ ጮክ ብለው አነበቡ። «ባለጉዳይ ሦስት ጊዜ አጉላልቷል» የሚለው ላይ ሐጂ እጃቸውን አነሱ።

«አራት» አሉ።

አረሙት። ፈረሙ፣ ማኅተም መቱ። ከዚያ ከወንበራቸው ተነስተው ሐጂን እጃቸውን ይዘው በገዛ ወንበራቸው ላይ አስቀመጧቸው፤ ምስክርነቱ ስላበቃ ሐጂ እሺ ብለው ተቀመጡ። አቶ ዘለቀ ቆመው ቀሩ። «እኔስ» አሉ፣ ለማን እንደሚናገሩ ሳይታወቅ፣ «እኔም ቡታጅራ ሦስት ዓመት ነበርኩ። እኔንም ይዘውኛል ማለት ነው?»

«አዎ» አሉ ሐጂ በትሕትና። «ዛሬ ግን አልተጠየቅኩም።»

ስንወጣ ደረጃው ላይ ሐጂን ያዝኳቸው። «ወልቂጤ ስንደርስ ብለውኛል። ያን ቀን ምን ነበር ያለችኝ?»

ምርኩዛቸውን ተደገፉ። «‹ሂድ፤ እንግዲህ አንተን ነገ ና አይበሉህ› ነው ያለችህ» አሉ።

እሳቸው በዚያው ቀን በቅሎዋን ይዘው ተመለሱ። እኔ ዓርብ በአውቶቡስ አዲስ አበባ ገባሁና ቅዳሜ ቢሮ ሳይዘጋ ሪፖርቱን በእጄ አስረከብኩ። የተቀበለኝ ሰው እያነበበ ግንባሩን ቋጠረ፤ «የማን አለቃ ነው እንዲህ ያለ ሪፖርት የሚጽፍ?» አለ። ቁጥር ሰጠኝ። የቋሚነቱ ደብዳቤ ኅዳር ላይ መጣ። ጥፋቴ ፋይሌ ውስጥ እንዳለ ቋሚ ሆንኩ።

ከዚያ በኋላ ሠላሳ ዓመት ያህል በመንግሥት ሥራ ኖርኩ። ለማንም ባለጉዳይ «ነገ ና» ብዬ አላውቅም ብል ዋሸሁ። ብያለሁ። ግን በተናገርኩ ቁጥር ከመስኮቱ ማዶ ድንጋይ ላይ የተቀመጠ ሰው ያለ ይመስለኝና መልሼ እጠራው ነበር። እናንተ ዛሬ መስኮት ውስጥ የምትቀመጡ፣ ሪፖርታችሁን የሚጽፈው አለቃችሁ ብቻ እንዳይመስላችሁ። እኔ እንዲያ መስሎኝ ሁለት ዓመት ከአምስት ወር ኖሬያለሁ።

ኅዳር ላይ ደብዳቤው እንደመጣ ኪሴ ውስጥ አድርጌ ወደ ዘይነባ ቤት ሄድኩ። ገበያ የምትወጣው ጥሩነሽ ስለሆነች መስቃንኛ ለምዳለች፤ እንድታስተረጉምልኝ ይዣት ሄድኩ። አጥሩ ጋ ቆሜ ተጣራሁ፤ እስክትወጣም ጠበቅኩ። ይቅርታ ለማለት ስጎነበስ ትከሻዬን ይዛ አቆመችኝ። ደብዳቤውን አሳየኋት። ማንበብ አትችልም፤ ማኅተሙን በጣቷ ነካካችው። ከዚያ አንድ ነገር ጠየቀች።

«ይህን ለማግኘት ስንት ጊዜ ተመላለስክ ነው የምትለው» አለች ጥሩነሽ።

«ሁለት ዓመት ከአምስት ወር በያት።»

ጥሩነሽ ነገረቻት። ሴትዮዋ አፏን በእጇ ያዘች። ለረጅም ጊዜ ተመለከተችኝ። ፊቷ ላይ ቂም ፈለግሁ፤ የነበረው ሐዘን ነው፣ ለእኔ የታዘነ ሐዘን።

«ምን አለች?» አልኩ።

ጥሩነሽ ዓይኗ እንባ ሞልቶ ነበር። «‹እኔስ አራት ጊዜ ብቻ ነው፤ አንተ ምስኪን እንዴት ቻልከው?› ነው የምትለው» አለችኝ።